በጀቱ ግድግዳው ላይ ነው፤ መድኃኒቱስ?

ጥያቄ፦ «ጡረታ የወጣሁ መምህር ነኝ። የወረዳችን ገንዘብ ጽሕፈት ቤት በር አጠገብ ባለው ሰሌዳ ላይ የዓመቱ በጀት ተለጥፏል። ቆሜ አነበብኩት። ለጤና ዘርፍ ብዙ ሚሊዮን ብር ተመድቧል ይላል። የቀበሌያችን ጤና ጣቢያ ግን ወረቀት ጽፎ ‹ከውጭ ግዙ› ከማለት በቀር የሚሰጠን መድኃኒት የለውም። ገብቼ ብጠይቅ ‹በጀቱ ተለጥፏል፤ እኛ ግልጽ ነን› አሉኝ። ብሩ የት ሄደ? ማንን፣ ምን ብዬ ልጠይቅ?»

ምላሽ፦ መምህር፣ እጅ ነስቼ ልጀምርና ወዲያው ልናዘዝ። እርስዎ ቆመው ያነበቡትን ዓይነት ወረቀት ከሚለጥፉት ሰዎች አንዱ ነበርኩ።

በወረዳ ገንዘብ ጽሕፈት ቤት በሒሳብ ሠራተኝነት ብዙ ዓመት ሠርቻለሁ። በኋላም በየወረዳው እየዞርኩ ሒሳብ ያዦችን አሠልጥኛለሁ። በጀት መለጠፍ የእኔ ሥራ ነበር። ምክር ቤቱ ያጸድቃል፤ እኔ አሳትሜ፣ ማስቲሽ ይዤ እወጣለሁ። ጊዜው ደግሞ ክረምት ነው። ነሐሴ አጋማሽ ሳይደርስ ዝናቡ ቀለሙን ያወርደዋል፤ የግብርናው ቁጥር ከትምህርቱ ቁጥር ጋር ይደባለቃል። አንድ ቀን አንድ አባት ሰሌዳው ፊት ቆመው የልጅ ልጃቸውን ሲያስነብቡ አገኘኋቸው። ልጁ «ለግብርና ይህን ያህል ሚሊዮን» እያለ ያነብላቸዋል። ወደ እኔ ዞር ብለው «ልጄ፣ መቼ ነው ታዲያ የምትሰጡን?» አሉኝ። ሳቅሁ። ዛሬ ሳስበው በዚያ ሰሌዳ ፊት ከዚህ የተሻለ ጥያቄ ተጠይቆ አያውቅም።

«ተለጥፏል» ያሉዎት እውነታቸውን ነው። ግን የተለጠፈው የፀደቀ በጀት ነው። በጀት ደግሞ ፈቃድ ነው እንጂ ብር አይደለም። «ለዚህ ጉዳይ እስከዚህ ድረስ ማውጣት ትችላላችሁ» ይላል፤ በቃ። ብሩ ወጣ ወይ? ለምን ወጣ? ዕቃው ገባ ወይ? ይህን የሚናገር ሌላ ወረቀት አለ። ሁለቱ ጎን ለጎን ካልተለጠፉ፣ የሠርግ ጥሪ ወረቀት አንብቦ ድግሱን በላሁ እንደማለት ነው።

መጀመሪያ ያ «ብዙ ሚሊዮን» ምን እንደሆነ እንይ። ሰው ሁሉ የሚደናገረው እዚህ ጋ ነው። ቁጥሩን ለምሳሌ ያህል እኔው ልፍጠር፤ የእርስዎን ወረዳ አላየሁትም። ለጤና ዘርፍ 20,000,000 ብር ተመድቧል እንበል። የቋሚ ሠራተኞች ደመወዝ፣ ኮዱ 6111፣ 17,000,000 ይወስዳል። መንግሥት ለሠራተኞቹ ጡረታ የሚያዋጣው 11 በመቶ ነው፤ ኮዱ 6131። ይኸውም 1,870,000 ይሆናል። የቀረችው 1,130,000 ብር ናት። ወረዳው አምስት ጤና ጣቢያ ካለው፣ ጽሕፈት ቤቱን ጨምረው ለስድስት ያካፍሏት። ለእያንዳንዱ 188,000 ብር ገደማ ይደርሰዋል። ለዓመት ነው። መብራቱ፣ ስልኩ፣ ነዳጁ፣ አበሉ፣ የሞተር ሳይክል ጥገናው፣ ሳሙናው፣ መድኃኒቱ ሁሉ ከዚህች ነው።

ስለዚህ «ሚሊዮኑ የት ሄደ?» ብለው ከጠየቁ መልሱ ቀላል ነው፤ ነርሷና አዋላጇ በየወሩ በሉት፣ ይገባቸዋልም። የሚያከራክር ነገር ያለው እታች፣ ያቺ ትንሿ ብር ውስጥ ነው። ሰሌዳው ላይ ግን አትታይም። ዘርፉ በጅምላ ስለሚለጠፍ በደመወዙ ትከሻ ተሸፍና ታልፋለች። ለዚህ ነው የዘርፉን ድምር ሳይሆን የእርስዎን ጤና ጣቢያ ብቻ፣ ከደመወዝ ውጭ ያለውን ብቻ፣ በኮድ ተከፍሎ ይጠይቁ የምለው።

ኮዶቹን አይፍሯቸው። ወረዳ ገንዘብ ጽሕፈት ቤት ውስጥ እንደ ስም ነው የሚጠሩት። «6231 አልቋል» ካሉ የውሎ አበል አልቋል ማለት ነው። 6217 ነዳጅና ቅባት ነው። 6212 የቢሮ ዕቃ ነው። የእርስዎ ጉዳይ ያለው 6214 ላይ ነው፤ የሕክምና ዕቃና መድኃኒት። እርስዎም ገብተው «6214 ስንት ቀርቷል?» ቢሏቸው አቀባበላቸው ወዲያው ሲለወጥ ያያሉ። ሰውዬው ቀና ብሎ ያይዎታል። ወንበርም ሊስቡልዎ ይችላሉ።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ። የአፈጻጸም ሪፖርት ሲያገኙ አራት ቁጥር ይፈልጉ፦ የፀደቀ በጀት፣ የተስተካከለ በጀት፣ ወጪ እና ቀሪ። ብዙ ሰው ሁለተኛውን ያልፈዋል። ጨዋታው ግን እዚያ ነው።

ያው የፈጠራ ቁጥሬን ልቀጥል። ለጤና ጣቢያዎ በ6214 የፀደቀው 90,000 ብር ነበር። ኅዳር ላይ 60,000 ብሩ ወደ ነዳጅና ወደ ውሎ አበል ተዛወረ። የተስተካከለው በጀት 30,000 ሆነ። ዓመቱ ሲያልቅ 29,500 ብር ወጪ ሆኗል። ሪፖርቱ ምን ይላል? «አፈጻጸም 98 በመቶ።» ስብሰባ ላይ ይጨበጨባል። እርስዎ ግን ወጪውን ከመጀመሪያው 90,000 ጋር ቢያስተያዩት 33 በመቶ ነው። ሁለቱም ቁጥር ትክክል ነው። ማንም አልዋሸም። ምክር ቤቱ ለመድኃኒት ብሎ እጁን ያወጣበት ገንዘብ ግን ሁለት ሦስተኛው ሌላ ቦታ ሄዷል፤ ሰሌዳው ላይ ያለው ወረቀት ደግሞ እስከ ሰኔ 30 ድረስ 90,000 እያለ ተለጥፎ ይቆያል።

ዝውውር በራሱ ወንጀል አይደለም፤ ይህን ይያዙልኝ። ሥርዓቱን ጠብቆ፣ ሥልጣን ባለው አካል ተፈቅዶ ይደረጋል። ወረርሽኝ ሲመጣ፣ መኪና ሲበላሽ፣ ሠራተኛ ሲቀጠር የግድ ይሆናል። እኔ ራሴ ብዙ የዝውውር ደብዳቤ አዘጋጅቻለሁ፤ አብዛኛው አሳማኝ ነበር። አንዳንዱ ግን እንዲህ ነበር፦ ከበላይ «ለስብሰባ የሚወጡ ሰዎች አበል አጥተዋል» የሚል ስልክ ይመጣል፤ ከዚያ ዓይናችን ወዴት ይሄዳል? ገና ያልተነካ ገንዘብ ወዳለበት። መድኃኒት ደግሞ ግዢው ስለሚዘገይ ሁልጊዜ ያልተነካ ገንዘብ አለበት። አበል ፈላጊው በር ላይ ቆሟል፤ በሽተኛው ቀበሌ ነው ያለው። ነገሩ ይኸው ነው።

«ወጪ» የሚለው ቃልም ይፈተሽ። የወረዳ ሒሳብ የሚያዘው በዋናነት ብር ሲወጣና ሲገባ ነው። መድኃኒቱ በሽተኛው እጅ መድረሱን አይመዘግብም። በወጪ የተመዘገበ ሁሉ ደግሞ አልቆለታል ማለት አይደለም፤ ለሰው በቅድሚያ ተከፍሎ ያልተወራረደ ሒሳብም አለ። የዋና ኦዲተር ሪፖርቶችን የሰማ ሰው «ያልተወራረደ ተሰብሳቢ ሒሳብ» የሚለውን ሐረግ ያውቀዋል፤ በየዓመቱ ይመጣል። ሰኔን ደግሞ ማን ይረሳል? የበጀት ዓመቱ ሐምሌ 1 ተጀምሮ ሰኔ 30 ያልቃል። ያልተጠቀሙበት በጀት ይቃጠላል። ስለዚህ ሰኔ ላይ መሥሪያ ቤቱ ሁሉ ገዢ ይሆናል። ከሰኔ 20 በኋላ ስንት ሌሊት ቢሮ እንዳደርኩ አልነግርዎትም። ዓመቱን ሙሉ ያልተገዛው ወረቀት፣ ጓንት፣ የጽዳት ዕቃ በአንድ ሳምንት ይገዛል። የሚገዛው የሚያስፈልገው ሳይሆን የሚገኘው ነው። ሪፖርቱ ላይ ግን የሰኔ ግዢም የጥቅምት ግዢም አንድ ናቸው። ስለዚህ የዓመቱን ብቻ ሳይሆን የወር ወይም የሩብ ዓመት አፈጻጸም ይጠይቁ። ወጪው በሙሉ አራተኛው ሩብ ላይ ከተከመረ አንድ ነገር ተረድተዋል ማለት ነው።

ከወረቀቱ ወደ መደርደሪያው የሚያደርሰው ድልድይ ሞዴል 19 ነው። የዕቃ ገቢ ደረሰኝ ነው፤ ንብረት ክፍሉ ዕቃውን ሲረከብ የሚቆርጠው። ሞዴል 22 ደግሞ ከመጋዘን ሲወጣ የሚቆረጠው ነው። ክፍያው ላይ 29,500 ብር ካለ፣ በዚያ ብር የተገዛውን መድኃኒት ስምና ብዛት የያዘ ሞዴል 19 መኖር አለበት። ካለ ጥሩ። ከሌለ፣ ያን ጊዜ ወሬ ሳይሆን ጥያቄ አለዎት።

እስካሁን ያወራሁት ሰሌዳው ላይ ስላለው ብር ነው። መምህር፣ ይህን ሁሉ አጥርተው ሲያበቁ ጤና ጣቢያው መድኃኒት የሚገዛበት ዋናው ገንዘብ ከነጭራሹ እዚያ ሰሌዳ ላይ እንዳልነበረ ቢያዩ አይደንግጡ።

ጤና ጣቢያዎች ከካርድ፣ ከላቦራቶሪ፣ ከመድኃኒት ሽያጭ የሚያገኙትን ገቢ ለራሳቸው እንዲጠቀሙበት ተፈቅዶላቸዋል። የውስጥ ገቢ ይባላል። የሚወስንበት የጤና ጣቢያው ቦርድ ነው። መርሑ ይህ ገቢ ከመንግሥት በጀት ላይ የሚጨመር እንጂ በጀቱን የሚተካ አይደለም የሚል ነው። በተግባር የበጀት ቀመር ሠሪው «እናንተማ የውስጥ ገቢ አላችሁ» ብሎ 6214ን ሲቆነጥር አይቻለሁ። ሌላው ማህበረሰብ አቀፍ የጤና መድን ነው። በ2003 በአራት ክልሎች ባሉ 13 ወረዳዎች ሙከራው ተጀመረ፤ ከዚያ ተስፋፋ። እርስዎም መታወቂያው ሳይኖርዎት አይቀርም። አባሉ በዓመት አንዴ ይከፍላል፤ ጤና ጣቢያው አክሞ ሒሳቡን ለመድኑ ያቀርባል፤ መድኑ ይከፍላል። ይህ ክፍያ ከዘገየ ጤና ጣቢያው በእጁ ብር የለውም። ብር ከሌለው ከመድኃኒት አቅራቢ አገልግሎት በጥሬ ገንዘብ የሚሸጠውን መድኃኒት መግዛት አይችልም። መድኃኒቱ ማከፋፈያው መጋዘን ውስጥ ተቀምጦ እርስዎ «ከውጭ ግዙ» ሊባሉ ይችላሉ። ወይም በተቃራኒው፣ ጤና ጣቢያው ብር ይዞ ሄዶ «የለም» ተብሎ ይመለሳል። ሁለቱ በጣም የተለያየ በሽታ ነው። በር ላይ ቆሞ ለሚያይ ሰው ግን መልኩ አንድ ነው።

ከዚህ ሌላ በዓይነት የሚመጣ አለ፤ የቲቢ፣ የወባ፣ የኤችአይቪ መድኃኒት፣ ክትባት። ይህ በብር ተተምኖ ወረዳው ወረቀት ላይ አይገባም። የዕርዳታ ገንዘብም እንደ መንገዱ ይለያያል። በባለሙያው አነጋገር ቻናል አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት አለ። ቻናል አንድ በገንዘብ ሚኒስቴርና በክልል ገንዘብ ቢሮ በኩል ወርዶ እኛ መዝገብ ውስጥ ይገባል። ቻናል ሁለት በሴክተሩ፣ ማለትም በጤና ሚኒስቴርና በጤና ቢሮ በኩል ያልፋል። ቻናል ሦስት ድርጅቱ ራሱ ይዞት የሚዞረው ነው። የወረዳ ገንዘብ ጽሕፈት ቤት ሁለተኛውንና ሦስተኛውን ብዙ ጊዜ የሚያውቀው ባለ አርማ መኪና ግቢው ሲገባ ነው። የሕዝብ መዋጮንማ ተዉት። በውጭ አገር ያሉ የአካባቢው ተወላጆች ለአልጋና ለአምፑል የሚልኩት ብር በኮሚቴ አካውንት ገብቶ በኮሚቴ ቃለ ጉባኤ ይወጣል። ዋሽንግተንም ይሁን ቴል አቪቭ ሆኖ የላከ ሰው የወረዳውን በጀት ቢያገላብጥ አንዲት ቁጥር አያገኝም። ሰጪውም «ብሬን በሉት» ይላል፤ ብሩ ምናልባት አልጋ ሆኖ ክፍሉ ውስጥ ቆሟል።

ታዲያ ማንን ይጠይቁ? ብዙ ሰው ወደ ገንዘብ ጽሕፈት ቤት ኃላፊው ይሄዳል፤ እኔ ግን መጀመሪያ ከታች ይጀምሩ እላለሁ። የጤና ጣቢያው ቦርድ ውስጥ የማኅበረሰቡ ተወካይ አለ። ብዙ ጊዜ የሚታወቅ ሰው ነው፤ ምናልባትም ያስተማሩት ልጅ ይሆናል። ቡና ይጋብዙት። የውስጥ ገቢው ስንት እንደነበር፣ መድኑ ስንት እንዳልከፈለ፣ ቦርዱ ለመጨረሻ ጊዜ የተሰበሰበው መቼ እንደሆነ ይጠይቁት። የመጨረሻው ጥያቄ ቀላል ይመስላል። መልሱ «እኔ እንጃ» ከሆነ ግን ግማሹን ችግር አግኝተውታል።

ቀጥሎ ወረዳ ምክር ቤት አለ። በጀትና ፋይናንስን የሚከታተል ቋሚ ኮሚቴ አለው። አባላቱ ሪፖርት ይቀርብላቸዋል፤ ነገር ግን በአንድ ጀምበር ስድሳ ገጽ ተሰጥቷቸው ነው። ጠያቂ ካላገኙ አያነቡትም። የቀበሌዎን ተወካይ ያግኙና ሁለት መስመር ብቻ ይስጡት፦ «የ6214 የፀደቀውና የተስተካከለው ለምን ተለያየ? ዝውውሩን ማን ፈቀደ?» ምክር ቤት ውስጥ ቁጥር የያዘ ጥያቄ ሲነሳ አዳራሹ ጸጥ ይላል። አይቼዋለሁ።

ከዚያ ደግሞ የጽሑፍ ጥያቄ። «በጀት የውስጥ ሰነድ ነው» ካሉዎት አይቀበሉ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 12 የመንግሥት አሠራር ለሕዝብ ግልጽ በሆነ መንገድ መከናወን አለበት ይላል። አንቀጽ 29 የሕዝብን ጥቅም የሚመለከት መረጃ ማግኘትን መብት አድርጎታል። ዝርዝሩ አዋጅ ቁጥር 590/2000 ላይ ነው። አንዳንድ ሰው «እሱ አዋጅ ተሽሯል» ይልዎታል። የተተካው የመገናኛ ብዙኃን ክፍሉ ነው፤ በ2013 በወጣው አዋጅ 1238። የመረጃ ነፃነት ክፍሉ አለ። በዚያ መሠረት መሥሪያ ቤቱ በ30 ቀን ውስጥ መልስ መስጠት አለበት። እምቢ ካለ ለበላይ ኃላፊው፣ ከዚያ ለሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም አቤት ይባላል።

ደብዳቤው አጭር ይሁን። ታሪክ አይጻፍበት፤ ወቀሳም አይግባበት። እኔ ብሆን እንዲህ እጽፍ ነበር፦ «ያለፈው በጀት ዓመት የጤና ጣቢያችን በሒሳብ መደብ 6214 የፀደቀ በጀት፣ የተስተካከለ በጀት፣ ወጪና ቀሪ በየሩብ ዓመቱ፤ ከዚህ መደብ ወይም ወደዚህ መደብ የተደረገ የበጀት ዝውውር ደብዳቤ ቅጂ፤ በዚሁ ገንዘብ ለተገዛ መድኃኒት የሞዴል 19 ቅጂ እንዲሰጠኝ በአዋጅ ቁጥር 590/2000 መሠረት እጠይቃለሁ።» ሁለት ቅጂ ያድርጉት። አንዱን መዝገብ ቤት አስገብተው በሌላው ላይ ማኅተምና ቀን ያስመቱ። ያ ማኅተም ከሌለ 30 ቀኑ ከመቼ እንደሚቆጠር ማንም አያውቅም።

የሚሰጡዎትን ሰበብም ላስለምድዎ። «ሲስተም የለም» ይላሉ። ሒሳቡ የሚያዘው ብዙ ወረዳ ላይ አይቤክስ በሚባለው ፕሮግራም ነው። መብራት ወይም ኔትዎርክ ሲጠፋ እውነትም ይቆማል፤ ግን ለሳምንት እንጂ ለወራት አይሆንም። በየወሩ ለዞንና ለክልል የሚላክ ሪፖርት ስላለ የታተመ ቅጂ ፋይል ውስጥ ይኖራል። «የተላከውን የወር ሪፖርት ቅጂ አሳዩኝ» ይበሉ። «ኦዲት ላይ ነው» ካሉ ደግሞ ኦዲት መሆኑ ሪፖርቱን ምሥጢር አያደርገውም። እንዲያውም የማን ኦዲት እንደሆነ ይጠይቁ። የውስጥ ኦዲተሩ እዚያው ወረዳ ተቀጥሮ የሚሠራ ሰው ነው። የክልሉ ዋና ኦዲተር ከውጭ ይመጣል፤ ሁሉንም ወረዳ በየዓመቱ ግን አያዳርስም። መጥቶ ከነበረ አስተያየቱ ምን እንደነበር መጠየቅ ይቻላል። ነቀፌታ የሌለበት ነው? «ከዚህ ከዚህ በስተቀር» የሚል ነው? ወይስ አስተያየት ለመስጠት አልተቻለም ተባለ? የመጨረሻው ከሁሉም የከፋ ምልክት ነው። ሰነድ አጣሁ ማለት ነውና።

ጸጥታው ባልረጋበት አካባቢ ከሆኑ ይህ ሁሉ እንዳልኩት ላይሄድ ይችላል። መዝገብ የተቃጠለበት፣ ሠራተኛ የተበተነበት ወረዳ አለ። ያኔ የጤና ጣቢያው ቦርድና የመድኃኒት መደርደሪያው ብቻ ናቸው የሚቀሩት።

ስለ ሰሌዳው አመጣጥም ትንሽ ልበል፤ ብዙ ነገር ያብራራልና። ከ1997ቱ ምርጫ ውዝግብ በኋላ ለጋሾች ለፌዴራል መንግሥት በቀጥታ ይሰጡት የነበረውን የበጀት ድጋፍ አቆሙ። በ1998 ገንዘቡ የመሠረታዊ አገልግሎቶች ጥበቃ በተባለው ፕሮግራም በኩል ለክልልና ለወረዳ መሄድ ጀመረ። ለጋሾቹ «ሕዝቡ ብሩን ይወቀው» አሉ። የፋይናንስ ግልጽነትና ተጠያቂነት የሚባለው ክፍል የተከፈተው ያኔ ነው። ለተራው ሰው እንዲገባ ተብሎ ቀለል ያለ ቅጽ ተዘጋጀ፤ ሥልጠና ተሰጠ፤ ሰሌዳ ተሠራ። ሐሳቡ ጥሩ ነበር፤ አሁንም ከነበረው ሁሉ የተሻለ ነው ብዬ አምናለሁ። ግን ገና ከመጀመሪያው ተመልካቹ ሕዝቡ ሳይሆን ሱፐርቪዥን የሚመጣው ሰው ሆነ። ቼክ ሊስቱ «ተለጥፏል? አዎ/አይ» ይላል። «ተነቧል? ተጠይቋል?» የሚል መስመር አልነበረውም። እኛም «አዎ» የሚያሰኘውን ሠራን። የምንለጥፈው ሐምሌ ወይም ነሐሴ ላይ የፀደቀውን ነበር፤ የወጪውን ለመለጠፍ ማንም አጥብቆ አይወተውትም። በጀት ሲለጠፍ ሁሉም ደስ ይለዋል፤ ወጪ ሲለጠፍ ቢሮ ውስጥ የሚከፋው ሰው አለ።

ኡጋንዳ ላይ የሆነ ነገር አለ፤ ሥልጠና ላይ ሁሌ የማነሳው። ከ1991 እስከ 1995 በፈረንጆቹ አቆጣጠር መንግሥት ለአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች በተማሪ ቁጥር ይልከው ከነበረው የሥራ ማስኬጃ ገንዘብ ትምህርት ቤቶቹ ያገኙት በአማካይ 13 በመቶ ብቻ ነበር። ቀሪው መንገድ ላይ፣ በአብዛኛው ወረዳ ላይ ቀረ። ከዚያ መንግሥት የተላከውን ብር በጋዜጣ ማውጣት፣ በየትምህርት ቤቱ በር ላይም ማስለጠፍ ጀመረ። ድርሻው ከጊዜ በኋላ ከ80 በመቶ አለፈ። ለውጡ ሁሉ ከጋዜጣው የመጣ ነው ወይ በሚለው ላይ ተመራማሪዎች ይከራከራሉ፤ ሌላ ማሻሻያም አብሮ ነበርና። እኔ የምወስድለት አንድ ነገር ግን አለ። የተለጠፈው የዘርፉ ድምር አልነበረም። «ለዚህ ትምህርት ቤት፣ በዚህ ወር፣ ይህን ያህል» ነበር። ዳይሬክተሩም ወላጁም የደረሰውን ከተባለው ጋር ማስተያየት ቻሉ።

አንድ ነገር ደግሞ ስለ ቀድሞ ባልደረቦቼ ልለምንዎ። «ተሰረቀ» የሚለውን ቃል ሰነዱን ሳያዩ አይጠቀሙ። ብዙ ወረዳ ላይ የየሴክተሩ ሒሳብ በፑል አንድ ቦታ ይሠራል። ጥቂት ሰዎች የትምህርቱን፣ የጤናውን፣ የግብርናውን፣ የውኃውን ሁሉ ይዘዋል። ደህና የለመደ ሒሳብ ያዥ ደግሞ ባንክ ቤት ይወስደዋል። የዘገየ ሪፖርት ሁሉ የተደበቀ ሪፖርት አይደለም፤ አንዳንዴ የሚሠራው ልጅ ብቻውን ነው። እኔ ራሴ የአንድ ጤና ጣቢያ ወጪ በሌላው ስም መዝግቤ ለአራት ወር ሳላውቀው ቆይቻለሁ። ያገኘችው ሒሳቤን የመረመረችው አለቃዬ አልነበረችም። «እኛ ነዳጅ ገዝተን አናውቅም፤ ሞተራችን ከተበላሸ ሁለት ዓመቱ ነው» ብላ የመጣች የጤና ጣቢያ ኃላፊ ናት። የጤና ጣቢያዋን ሪፖርት ለብቻው ስለሰጠናት ነው ያየችው። በዘርፍ ድምር ብናሳያት ኖሮ እስከ ዛሬም አይገኝም።

በቅደም ተከተል እንሂድ ካሉ፦ ይህን ሳምንት የቦርዱን ተወካይ ያግኙ፤ ደብዳቤውን በሚቀጥለው ያስገቡ፤ መልሱ ሲመጣ የተስተካከለውን ቁጥር መጀመሪያ ያንብቡ። ዛሬ ግን፣ ወረቀቱ ሳይቀየር ወይም ዝናብ ሳያጥበው፣ ያን ሰሌዳ በስልክዎ ፎቶ ያንሱት። ቀኑና ማኅተሙ ይታይ። ስልክዎ ጥርት አድርጎ ካላነሳ የልጅ ልጅ ይጥሩ።